ቡራሌ የሌለበት መዝገብ

በዚህ አገር ትልቁ ባለሥልጣን ማነው ብትሉኝ ሚኒስትሩ አልላችሁም። በር ላይ የተቀመጠው ሰውዬ ነው። ሚኒስትሩ ቢቆጣ ይለመናል። በረኛው ከተቆጣ ግን መጀመሪያውኑ ሚኒስትሩ ጋ የሚደርስ የለም። እናንተም አታጡትም፤ አንድ ወንበር፣ አንድ መዝገብና በሲባጎ የታሰረች አንድ እስክሪብቶ አለችው።

የእኛው ክቡር አቶ ቡራሌ በድሬዳዋ የአንድ ፖሊስ ጣቢያ ጊዜያዊ በረኛ ነበር። ጎረቤቴ ነው፤ ግድግዳ እንጋራለን። ድሬ ውስጥ መቼም አንቱታ የሚባል ነገር የለም፤ ሽማግሌውም ሹሙም «አንተ» ነው። ጠዋት ሰፈር ውስጥ «ዋርያ፣ እንዴት አደርክ?» ያለኝ ቡራሌ፣ እኩለ ቀን ላይ እዚያ ጸሐፊ ለሆነችው እህቴ ለየሺአረግ ምሳ ይዤ ስደርስ ቀና ብሎ ያየኝና፣

«እርስዎ ማን ነዎት?» ይለኛል።

«አቦ ቡራሌ፣ እኔ ነኝ!»

«መታወቂያ።»

«በዚህ ሙቀት ምሳው ሊበላሽ እኮ ነው!»

«የመጡበትን ምክንያት ይጻፉ። መዝገብ ላይ የሌለ ሰው የለም።»

ስምንት ዓመት እንዲህ ሲያቃጥለኝ ኖረ። እኔም በቀሌን የምወጣው «ምክንያት» የሚለው ቦታ ላይ ነበር። አንድ ቀን «ከደረቅ ሰው ጋር ለመጨቃጨቅ» ብዬ እጽፋለሁ። ሌላ ቀን «ቡራሌ፣ የእጅህን ይስጥህ»። እሱ ስድቤን በጥሞና አንብቦ ሲጨርስ «ቀን ረስተዋል» ይለኛል። ቀኑንም እጽፋለሁ፤ ምን አማራጭ አለኝ?

አምና ታዲያ ባለ አንድ መስመር ደብዳቤ ሰጡት። ውሉን በየሦስት ወሩ ሲያድሱለት ኖረው «ጊዜያዊ ስለሆኑ ተሰናብተዋል» አሉት። እውነቱን ልናገርና ደስ አለኝ። ደስታዬ የቆየው ግን እስከ ምሳ ሰዓት ብቻ ነው። አዲሱ በረኛ ዓይኑን ከስልኩ ሳይነቅል «ግባ» አለኝ። ማን እንደሆንኩ የሚጠይቀኝ ጠፋ። ገባሁ፣ ግን የገባሁ አልመሰለኝም።

ቡራሌ ከሰሰ። ጠበቃ የለው፣ ራሱ ነው ጠበቃው። ሰፈሩን አሰለቸው። «ስምንት ዓመት ጊዜያዊ? የጣቢያው በር እንኳ ሁለቴ ተቀይሯል፤ ወላሂ ያልተቀየርኩት እኔ ብቻ ነኝ!» እያለ የማያስቆመው መንገደኛ አልነበረም። ብንስቅበትም ነገሩ ሳቅ አልነበረም። ከተረታ ሚስቱን ፋዱማንና አራት ልጆቹን ይዞ ገጠር፣ ቢዮ አዋሌ፣ ወንድሙ ቤት መጠጋቱ ነው።

በቀጠሮው ቀን እኔም ችሎቱ ውስጥ ተቀምጫለሁ። የመሥሪያ ቤቱ ነገረ ፈጅ ተነሥቶ፣ «ክቡር ፍርድ ቤት፣ ከሳሽ ያለማቋረጥ አልሠራም። ካቻምና ክረምቱን በሙሉ አልነበረም፤ መስከረም ላይ እንደ አዲስ የተቀጠረ ነው» አለ።

ቡራሌ ፈገግ አለ። «የበሩ መዝገብ ይቅረብልኝ!»

ቀረበለት። ዳኛዋ ክረምቱን ገጽ በገጽ ገለጡና፣ «የእርስዎ ስም የቱ ጋ ነው?» ሲሉ ጠየቁት።

ፈገግታው ጠፋ። ስምንት ዓመት ሙሉ ዝንብ ሳያስመዘግብ የማያሳልፈው ሰውዬ፣ ራሱን አንድም ቀን አልመዘገበም! «እኔ... እኔ መዝጋቢ ነኝ እንጂ...» ብሎ ቀረ። አንጀቴን በላው።

ዳኛዋ መዝገቡን አልከደኑም። ድምፃቸውን ከፍ አድርገው ማንበብ ጀመሩ፦ «ሐምሌ አሥራ ሁለት፤ ቡራሌ የሚባል ቅጣት ለመቀበል። ነሐሴ ሦስት፤ የደቻቱ ወንዝ ሞልቶ በድልድዩ ዞሬ መጣሁ፣ ይኼ ግትር አሁንም መታወቂያ ይለኛል። ነሐሴ አራት፤ እንደ ትናንቱ፣ ግትሩም እንደ ትናንቱ።» ችሎቱ በሳቅ ተሞላ። «ይህን የጻፈው ማነው?»

ከኋላ ወንበር ተነሣሁ። «እኔ ነኝ፣ ክቡር ፍርድ ቤት።»

«በነዚህ ቀናት ሰውየው በር ላይ ነበሩ?»

«አንድም ቀን ቀርቶ አያውቅም። በቀረልኝ ብዬ ስንቴ ተመኝቻለሁ!»

ከወር በኋላ ተፈረደለት። ስንብቱ ሕገ ወጥ ነው፣ ወደ ሥራው ይመለስ ተባለ። በማግስቱ የየሺአረግን ምሳ አንጠልጥዬ ሄድኩ። እዚያው ወንበር ላይ ነው። አዲስ መዝገብ አውጥቷል፤ የመጀመሪያው መስመር ላይ «ቡራሌ፤ ምክንያት፦ ሥራ» ተብሎ ተጽፏል።

«እርስዎ ማን ነዎት?» አለኝ።

መታወቂያዬን ሰጠሁት። ምክንያት የሚለው ላይ «ቡራሌን ለማየት» ብዬ ጻፍኩ፤ ቀኑንም አልረሳሁም።

አነበበው። ደጋግሞ አነበበው። ከዚያ እስክሪብቶዋን ወደ እኔ ገፋ አደረገና፣ «የግል ጉዳይ በሥራ ሰዓት አይቻልም። ምሳ ለማድረስ ብለው ያርሙ» አለኝ።

አላረምኩም። እሱም መታወቂያዬን መለሰልኝና፣ በስምንት ዓመት ለመጀመሪያ ጊዜ እዚያ በር ላይ «ግባ፣ አንተ» አለኝ።