ማንም ያልበላው ኬክ

ሰማይ ለወፍ፣ ባሕር ለዓሣ፣ «አመዳይ» መጽሔት ደግሞ ለጎተንበርግ ከተማ መሰጠቱን የሚጠራጠር ሰው ካለ፣ ወይ ጥበብ አልገባውም ወይ የመጽሔቱን ዋጋ አይቷል። «አመዳይ» በዓመት ሁለቴ የሚወጣ፣ ሥነ ጥበብን ከፋሽን፣ ፋሽንን ከምግብ ያጋባ፣ ፍቺውን ግን ለአንባቢ የተወ ታላቅ ተቋም ነው። ጨው የጠጣ ዓሣ የሐር ቀሚስ ላይ እንደ ጌጥ ተሰክቶ የታየው በዚሁ መጽሔት ነበር። ቀሚሱ ከዚያ በኋላ ምን እንደሆነ አልተጻፈም።

ዋና አዘጋጇ ቲራ በርግቫል መጽሔቱን እንደ ወለደችው ልጅ ትወደዋለች። ስለ እሱ ስትል ደህና ሥራዋን ለቃለች፤ ሳሎኗን ቢሮ አድርጋ እንግዳ የምትቀበለው ወጥ ቤት ነው። ስለዚህ የማተሚያ ቤቱ ኃላፊ «ይህኛው እትም ካልተሸጠ ሌላ አናትምላችሁም» ሲላት ሆዷ ባባ። ወዲያው ግን እንባዋን ጠርጋ ስብሰባ ጠራች።

«የሕዝቡን ልብ መንካት አለብን!» አለች።

«በምኑ በኩል?» አለ ፎቶ አንሺው ሩነ።

«በጨዋነቱ በኩል።»

ሐሳቡ በሙሉ ድምፅ ጸደቀ። በዚያ አገር ከሳህን ላይ የመጨረሻዋን ቁራሽ ማንሳት ነውር ነው። ግብር የደበቀ ሰው ውሎ አድሮ ይቅር ይባላል፤ የመጨረሻዋን ብስኩት ያነሳ ግን ልጆቹ ሳይቀሩ ይታሙበታል። ሆዱ ያስቸገረው ሰው ቢላ አንስቶ ቁራሿን ለሁለት ይከፍልና ግማሿን ይወስዳል። የቀረችው ግማሽ አሁንም የመጨረሻዋ ናት፤ ክብሯም እንደተጠበቀ ነው። እንግዲህ በሽፋኑ ላይ ውድ የሱፍ ካፖርት የለበሰች ሞዴል አንዲት የመጨረሻ የኬክ ቁራሽ እያየች፣ ግን ሳትነካት ትቆማለች። ርእሱም «አይነሳም» ይሆናል።

ኬኩ ከሰማይ እንደወረደ መና ተገኘ። ወይዘሮ ጉንቮር የሚባሉ ኬክ ጋጋሪ ምድጃቸውን ሸጠው፣ ሱቃቸውን ሊዘጉና ከልጃቸው ጋር ሊኖሩ ተነስተው ነበር። ከመጨረሻው ኬካቸው አንዲት ቁራሽ በሱቁ የመስተዋት መደርደሪያ ውስጥ ቀርታ፣ ገበያተኛው ሁሉ እያየ ያልፋታል።

«ውሰጂልኝ፣ ልጄ» አሏት ቲራን። «እሷን ትቼ በሩን ብቆልፍ እንቅልፍ አይወስደኝም።»

ቲራ ለራሷ ሳይሆን ለጥበብ ስለሆነ ወሰደች።

በማግስቱ ጠዋት ቁራሿ አረንጓዴ የስኳር ካባዋን ደርባ፣ ነጭ ሳህን ላይ ሆና፣ ከስቱዲዮው መሐል ተቀመጠች። አጠገቧ ቢላ ነበር። ቢላው ምን እንደሚሠራ ሲጠየቅ የልብስ ባለሙያዋ ኦቲሊያ «ውጥረት ይፈጥራል» ስትል መለሰች። ቀጥሎ ስለ ብርሃኑ ውይይት ተከፈተ። ሩነ ብርሃኑ «ትሑት» እንዲሆን ፈለገ። ኦቲሊያ ደግሞ «ትሑት ሳይሆን ቁጥብ» አለች። በዚያ አገር ሁሉም ካልተስማማ መብራት እንኳ አይበራምና፣ እየተንጎራደዱ ሲወያዩ የምሳ ሰዓት አለፈ። ተስማምተው ሲያበቁ ሩነ በካሜራው አጮልቆ አየ። ካሜራውን ጠረገና ደግሞ አየ።

«ቲራ፣ ኬኩ የታለ?»

ሳህኑ ላይ የጥፍር ያህል የማትሞላ አረንጓዴ ፍርፋሪ ቁጭ ብላለች። ቲራ ጉዱን በጣቷ ቆጠረች፦ ካፖርቱ የውሰት ስለሆነ ማታ ይመለሳል፣ የወይዘሮ ጉንቮር ምድጃ ተሸጧል፣ ማተሚያ ቤቱ ነገ ይጠብቃል።

«ማነው የበላው?»

«ማንም አልበላውም» አለ ሩነ ረጋ ብሎ። «እኔ ግማሹን ብቻ ነው የወሰድኩት።»

«እኔ ደግሞ ከተረፈው ግማሹን» አለች ኦቲሊያ።

መብራት ያዡም ከዚያ ከቀረው ግማሹን ወስዶ ነበር። ካፖርቱን ያመጣው ሾፌርም ቁራሿን ሳይሰናበት አልሄደም።

«እናንተ ሰዎች ትቀልዳላችሁ እንዴ?» ቲራ ጮኸች።

ሩነ ፊቱ ቀላ። «ቆይ እስቲ፣ የመጨረሻዋን በላህ እያልሽኝ ነው?»

«ኧረ በስመ አብ! እሱስ ካፌ አልወጣም!»

ሁሉም ዞረው ካፖርቱን ለብሳ የቆመችውን ሞዴል አዩ።

«እኔን ደግሞ ምን ታዩኛላችሁ?» አለች። «ጠዋት ትንሽ ልቅመስ ስል ጥበብ ነው ብላችሁ ነጠቃችሁኝ!»

«ቲራዬ» አለች ኦቲሊያ ለስለስ ብላ፣ «አንቺስ አልነካሽውም?»

ቲራ ጉሮሮዋን ጠረገች። «እኔ … ግማሽ። ሁለት ጊዜ።»

ጉዳዩ በጥልቀት ከተጣራ በኋላ ኬኩን ማንም እንዳልበላው፣ ኬኩም እንደሌለ በአንድ ድምፅ ተወሰነ።

ችግር ብልሃትን ይወልዳል። ሩነ ትንሽ ነገርን የሚያገዝፍ ሌንስ ገጠመ፤ ፍርፋሪዋም ሽፋኑን ሞልታ ተራራ አክላ ወጣች። ካፖርቱ በሩቁ እንደ ጉም ይታያል። ቲራም በመግቢያው ላይ እንዲህ ስትል ጻፈች፦ «ይህች ፍርፋሪ አይደለችም፤ ራሱን የገዛ ሕዝብ ሐውልት ናት። አንባቢ ሆይ፣ እጅህን ሰብስብ!» ለዚህ ሐውልት የሚመጥን ወፍራም ወረቀት ተመረጠ። ወረቀቱ ገንዘቡን ስለጨረሰው ለእያንዳንዱ መጻሕፍት መደብር የደረሰው አንድ ቅጂ ብቻ ሆነ። ይህን ቲራ «ብርቅነት» አለችው።

መጽሔቱ አገሩን አነቃነቀ። በራዲዮ ተወራለት። አንድ ሃያሲ «ፍርፋሪዋ ፊት አለቀስኩ» ብሎ ጻፈ፤ አንድ ቄስም እሑድ ሰበኩበት። ቲራ በደስታ ክንፍ አውጥታ ቦይ ዳር ወዳለው መደብር ደወለች።

«እንዴት ነው ገበያው?»

«አትጠይቂኝ! ሰው ተሰልፎ ነው የሚያየው» አለ ባለመደብሩ።

«ተሸጠች በለኛ!»

«መሸጥ?» ሰውየው ግራ ገባው። «ያለችኝ እኮ አንዲት ናት። የመጨረሻዋን ማን ደፍሮ ያነሳል? ራስሽ አይደለሽ እንዴ እጃችሁን ሰብስቡ ያልሽው?»

ሌሎቹ መደብሮችም ቃል ሳይጨምሩ ቃል ሳይቀንሱ ይህንኑ ነገሯት። ሕዝቡ መጽሔቱን ከልቡ ተቀብሎ፣ ትምህርቱን ተረድቶ፣ አንድ እንኳ ሳይገዛ ወደ ቤቱ ገብቷል።

ቲራ እየተናደደችም እየኮራችም ቦይ ዳር ወዳለው መደብር ሄደች። ሌላው ቢቀር አንዷን ራሷ ልትገዛ ቆርጣለች። መጽሔቷ ብቻዋን መደርደሪያው ላይ ቆማለች። እጇን ስትዘረጋ አንድ ባርኔጣ ያደረጉ አዛውንት ከጎኗ እንደቆሙ አየች።

«ይውሰዷት፣ እርስዎ ይቅደሙ» አለች እጇን መልሳ።

«ኧረ በፍጹም! አንቺ ውሰጃት።»

«እኔ እንኳ ለማየት ያህል ነው።»

«እኔም ለማየት ብቻ ነው።»

ሁለቱም እጃቸውን ኪሳቸው ከተው ጎን ለጎን ያዩ ጀመር።

በዚህ መሐል አንድ ጎረምሳ ዝናቡን እያራገፈ ገባ፤ ገና ሰላም ሲል ከአነጋገሩ የጎረቤት አገር ሰው፣ ዴንማርካዊ መሆኑ ታወቀ። በሁለቱ መሐል እጁን ሰዶ መጽሔቷን አነሳት። ሽፋኑን አይቶ ሳቀ። ገለጠ፣ አነበበ፣ ወረቀቱን በመዳፉ ዳሰሰ።

«እንዲህ ያለ ቆንጆ ነገር አይቼ አላውቅም!» አለ። «ማን ይሆን የሠራው? እጁ ይባረክ!»

ሒሳቡን ከፈለ፤ እንዳትበሰብስ ካፖርቱ ሥር ሸጎጣት፤ እያፏጨ ወጣ። ባለመደብሩ ባዶውን መደርደሪያ ማየት ከበደው። አዛውንቱ ባርኔጣቸውን አወለቁ።

የቲራ ፊት በርበሬ መሰለ።

«አያችሁልኝ ይሄን ሆዳም?» አለች በሩን እያየች። «የመጨረሻዋን እኮ ነው ያነሳት!»