ምክንያቱ ገና መንገድ ላይ ነው

ሳይንስ ያልደረሰበትን ቀድሞ የደረሰበት ጎረቤት የሌለው ሰፈር የለም። ለእኛ ለታይናን ከተማ ሰዎች ግን ዕድል ዋናውን ሰጠችን፤ ክቡር ሊቀ ጊዜያት መምህር ጉዎን።

ጡረታ የወጡ የፊዚክስ መምህር ናቸው። ጠዋት ጠዋት አክስቴ ቹንሜይ ቁርስ ቤት ተሰይመው፣ የአኩሪ አተር ወተታቸውን ፉት እያሉ ዓለምን ያርማሉ። ንድፈ ሐሳባቸው አጭር ነው። ጊዜ ቀለበት ነው፤ ስለዚህ ውጤት ይቀድማል፣ ምክንያት ዞሮ ይደርሳል። ማስረጃ የጠየቀ ወዮለት።

«በቋንቋችን ከትናንት ወዲያ ምን ይባላል? የፊት ቀን። ከነገ ወዲያስ? የኋላ ቀን። አያቶቻችን ያለፈውን እያዩ ወደ ነገ የሚሄዱት በጀርባቸው ነበር። በጀርባው የሚሄድ ሰው ደግሞ መጀመሪያ ይጋጫል፤ ከምን ጋር እንደተጋጨ የሚያየው በኋላ ነው።»

የሚናገሩትን ይኖሩታል። ጠዋት ሆዳቸውን ከቆረጣቸው፣ ሕመሙ ያለምክንያት እንዳይቀር ማታ በርበሬ የበዛበት ሾርባ ይጠጣሉ። ሚስታቸው ሲቆጧቸው ዝም ብለው ይቀበሉና ጥፋቱን ከሰዓት በኋላ ይፈጽሙታል። እኔንም አንድ ቀን መንገድ ላይ አስቁመው አመሰገኑኝ። ለምን ብላቸው፣ «ምክንያቱ ገና መንገድ ላይ ነው» ብለውኝ ሄዱ። ብዙም ሳይቆይ የተበላሸ ሞተር ሳይክላቸውን በዝናብ ስገፋላቸው ነገሩ ገባኝ።

ሁላችን ስንስቅ አክስቴ ቹንሜይ ግን አይስቁም ነበር። አንድ ልጃቸው ፔይዩ ቁርስ ቤቱን አልረከብም ብላ ታይፔይ ከሄደች ወዲህ ተኮራርፈዋል። እናት ይቅርታ ትጠይቀኝና ትምጣ ይላሉ፤ ልጅ ይቅር ሳትለኝ እንዴት ልምጣ ትላለች። የአዲስ ዓመት ዋዜማ ሊደርስ ሁለት ቀን ቀረው። ቤተሰብ ሁሉ በሚሰበሰብበት በዚያ ማታ ገበታ ላይ የልጅ ወንበር ባዶ ሲሆን ምግቡ አይዋጥም። አክስቴ ቹንሜይም ዘንድሮ እራት አልሠራም አሉ።

እሳቸው ወደ ማድቤት ሲገቡ መምህር ጉዎ ስልካቸውን አወጡ። ፔይዩን በልጅነቷ አስተምረዋታል።

«ፔይዩ፣ መምህርሽ ነኝ። እናትሽ የፊት ቀን ይቅር ብላሻለች።»

ወተቱ ትን አለኝ። የፊት ቀን እኮ አክስቴ ቹንሜይ እዚሁ ልጃቸውን ሲያማርሩ ነው የዋሉት። ይህንኑ ለመምህሩ ብነግራቸው፣ «ይቅርታው የሚደርሰው የኋላ ቀን ነው» አሉኝ፤ ፊታቸው እንኳ አልተለወጠም።

በዋዜማው ፔይዩ ሻንጣዋን እየጎተተች ቁርስ ቤቱ ከች አለች። አክስቴ ቹንሜይ ጭልፋቸውን እንደያዙ ደርቀው ቀሩ።

«እማዬ፣ ይቅር እንዳልሽኝ ሰምቼ ነው የመጣሁት።»

«መቼ ነው ይቅር ያልኩሽ?»

«‹የፊት ቀን› ብለው መምህር ጉዎ ናቸው የነገሩኝ።»

እናት መምህሩን አዩ፣ ልጃቸውን አዩ። ጭልፋውን አስቀመጡ።

«አዎ፣ ብዬሻለሁ» አሉ። «እንዴት ከስተሻል። ነይ ተቀመጪ።»

ደስታው ሊያፈነዳኝ ምንም አልቀረውም። መምህር ጉዎን አቅፌ ባነሳቸው በወደድኩ። ዞር ስል ግን ጥግ ይዘው መነጽራቸውን ይጠርጋሉ።

«ምክንያቱ ባይደርስስ ብዬ» አሉኝ ቀስ ብለው፣ «እንቅልፍ አልነበረኝም።»

ከዚያ ወዲህ ንድፈ ሐሳባቸውን ሊያጣጥል የመጣ ሰው፣ ገና አፉን ሳይከፍት እኔ እቆጣዋለሁ። ምን አልኩና ነው ካለኝ መልሴ አንድ ነው፤ ምክንያቱ ገና መንገድ ላይ ነው።