በወኪል የቀረብኩበት ችሎት

እኛ ሐበሾች ቀርተንም መገኘት እንችልበታለን። እድር ላይ ስም ሲጠራ ባል ከሌለ ሚስት ተነስታ «አለ» ትላለች፤ ሚስትም ከሌለች ጎረቤት ይላል። ጸሐፊው ምልክቱን ያደርጋል፣ ሰውየውም አልጋው ላይ እንደተጋደመ ከነሙሉ ክብሩ ስብሰባ ተካፍሏል። ይህ ትልቅ ሥልጣኔ ነው። የጁባ ፍርድ ቤት ግን ገና አልደረሰበትም።

ነገሩ እንዲህ ነው። ጁባ፣ ሙኑኪ ሰፈር ውስጥ ትንሽ ምግብ ቤት አለችኝ። የዕቃ እጣቢዋ ቁልቁል እየወረደ የጎረቤቴን የአንክል ላዶን ደጃፍ ያጨቀያል። አንክል ላዶ ጡረታ የወጡ የጂኦግራፊ መምህር ናቸው፤ ውሃ ወዴት እንደሚፈስ ለእሳቸው አይነገርም። ሦስት ጊዜ ቦይ ቆፍር አሉኝ፣ ሦስቴም ነገ አልኳቸው። ነገ የሚባለው ቀን ሲጠፋባቸው ከሰሱኝ። እውነታቸውን ነው።

የቀጠሮው ዕለት ማለዳ አንዱን የእድራችንን አባል እናቱ አዲስ አበባ ማረፋቸውን ልናረዳው ታዘዝን። መርዶ ጥሎ ፍርድ ቤት የሚሄድ ሰው፣ እሱ ምኑ ሰው ነው? ስለዚህ ወጥ ሠሪያችንን አስናቀችን፣ ስሜ ሲጠራ አለ በይልኝ ብዬ ላክኋት። አላሳፈረችኝም። ዳኛው «ተከሳሽ ደምሴ» ሲሉ ብድግ ብላ አለ አለች። ደምሴ አንቺ ነሽ ወይ ቢሏት፣ በዚያ በተሰባበረ አረብኛዋ፣ እሱ ለቅሶ ላይ ነው፣ ግን አለ ብላ ድርቅ። ወዲያው የመያዣ ትእዛዝ ወጣብኝ።

አርብ ጠዋት ሽንኩርት እየከተፍኩ ሳለ ፖሊስ መጥቶ ፍርድ ቤት ወሰደኝ። በዚያው ዕለት ካልተፈታሁ ቅዳሜና እሁድ ችሎት የለም። እሁድ ደግሞ የልጄ ክርስትና ነው፤ ሰማንያ ቀኗ። አስራ አንድ ዓመት ተለምኖ የመጣች ልጅ ናት። አባቷ ታስሮ ልትጠመቅ ነው።

እድሩ ሰማ። እግዜር ይስጣቸው፣ ሰላሳ ሆነው መጥተው ግቢውን ሞሉት። ዳኛው ግን የፈለጉት አንድ ሰው ነበር፤ የአገሩ ዜጋ የሆነ፣ ቤቱ የታወቀ ዋስ። ሃምሳ ሎሚ ለአንድ ሰው ሸክሙ፣ ለሃምሳ ሰው ጌጡ ይባላል። እኔ ሰላሳ ጌጥ ይዤ ቆሜያለሁ፣ የሚሸከመኝ ግን የለም። ችሎቱ ሊነሳ ሲል አጠገቤ የቆመው ፖሊስ እንኳ አዝኖ፣ እዚህ አገር ለሁሉም ነገር እንደሚባለው፣ ማሌሽ፣ ምን ይደረግ፣ አለኝ።

ይሄኔ ከኋላ ከዘራ ተንኳኳ። አንክል ላዶ ናቸው። ለካ ጠዋት ደጃፋቸውን ደረቅ ቢያገኙት ይሄ ሰው ምን ሆነ ብለው አጠያይቀው ኖሯል። ዋስ ልሁነው አሉ። ዳኛው መዝገቡን ደግመው አዩ፤ ከሳሽ ተከሳሹን ሲዋስ አይተው አያውቁም።

«እሱ ከታሰረ ቦዩን ማን ይቆፍርልኛል?» አሉ አንክል ላዶ። «እንዲቀርብ ከእኔ በላይ የሚፈልግ ሰው የለም።»

ዳኛው ሳቃቸውን በወረቀት ሸፍነው ፈረሙ፤ ለክሱም ሌላ ቀጠሮ ሰጡን።

ቅዳሜ ሙሉ ቀን ቦይ ስቆፍር ዋልኩ። እሁድ ልጄ ስትጠመቅ አጠገቧ ቆሜ አለቀስኩ፤ ከእሷ ይልቅ የእኔ ድምፅ ይሰማ ነበር አሉ። አንክል ላዶም ድግሱ ላይ በክብር ተቀመጡ። የእድራችን ጸሐፊ ሰው አያልፈውምና እዚያው መዘገባቸው፣ ደንቡንም አስረዳቸው፤ መቅረት ክልክል ነው፣ ካልተቻለ ሰው መላክ ነው። በጣም ወደዱት። ይህን ያወጣው ሰው ሊቅ ነው እያሉ እስከ ማዕዱ መጨረሻ አደነቁ።

የቀጠሮው ዋዜማ ከሰዓት በኋላ አንክል ላዶ በሬን አንኳኩ። ካቶር ሰፈር ያሉት አማታቸው አርፈው ኖሮ ቀብሩ ነገ ጠዋት ነው። ከልቤ አዘንኩላቸው፤ እንግዲያ ቀጠሮው ይራዘምልን ብለን እንለምናለን አልኳቸው።

«ለምን ይራዘማል?» አሉኝ። «አንተ መሄድህ አይቀርም። ስሜ ሲጠራ አለ በልልኝ።»