አራተኛ ክፍልን ስደግም

እስከ ጥቅምት ድረስ የአራተኛ ክፍል ተማሪ ነበርኩ። አትሳቁ። አርባ ሦስት ዓመቴ ነው፣ ዲፕሎማም አለኝ። ግን የልጄን የሜላትን የቤት ሥራ የምሠራው እኔ ነበርኩ፤ ታዲያ ክፍሌ ስንተኛ ሊሆን ነው?

ሲጀመር ለደግነት ነበር። ከሲ.ኤም.ሲ. ቢሮዬ ወጥቼ፣ ታክሲ ተጋፍቼ፣ ወሰን ሰፈር ቤቴ ደክሞኝ እገባለሁ። ልጅቷ እያዛጋች አንዲት መስመር ለመጻፍ ግማሽ ሰዓት ትፈጃለች። ማን ይችላል? “አምጪው በቃ!” አልኳት አንድ ቀን። መስመሩ ገጽ ሆነ፤ ገጹ ደብተር ሆነ።

ጎረቤቴ ትርሲት ደግሞ ዘዴ አላት። “ሞኝ ነሽ እንዴ? በግራ እጅሽ ጻፊዋ፤ የልጅ ይመስላል” አለችኝ። እሷ ሦስት ልጆች አስተምራለች። ማለቴ፣ ሦስት ጊዜ ተምራለች። በሁለተኛው ዓመት የግራ እጄ ጽሕፈት ከቀኜ አማረ። ከትምህርት ቤት “እጅ ጽሑፏ በጣም ተሻሽሏል” ተብሎ ሲላክልኝ በኩራት ፈረምኩ። በቀኜ።

በጥቅምት መምህሯ አስጠራችኝ። ታናሽ እህቴ የምታህል ልጅ ናት። የቤት ሥራውን ደብተርና ክፍል ውስጥ የተሠራውን የቃል ጽሕፈት ጎን ለጎን ዘረጋችልኝ። አንዱ እንከን የለውም። ሌላው ላይ ከሜላት ስም በቀር ምንም የለም። ፊደሎቹን አንድ በአንድ ታውቃቸዋለች፤ ቃል ሲሆኑባት ግን ትጠፋለች። መምህሯ ሜላትን ጠርታ መጽሐፉን ሰጥታ “አንብቢ” ስትላት፣ ልጄ ገጹን ትታ ዞር ብላ እኔን አየችኝ። እንዳነብላት ነው የጠበቀችው።

ያ አስተያየት እስከ ዛሬ እንደ እሾህ ይወጋኛል።

“ቤት ውስጥ የሚያግዛት ማን ነው?” አለችኝ መምህሯ።

“እኔ ነኝ” አልኩ። ምን ልበል? ማገዝ ከተባለ።

አባቴ የመጋዘን ጥበቃ ነበር፤ ፊደል አልቆጠረም። ግን ሳነብ ከጎኔ ቁጭ ይልና “ቀጥዪ” ይለኝ ነበር። ስደናቀፍ ዝም ብሎ ይጠብቀኛል። እንዴት ያርመኝ? አያውቀውማ! ስለዚህ እየወደቅሁ እየተነሣሁ ራሴ እጨርሰዋለሁ። ማንበብ የማይችለው አባቴ እኔን አስነበበኝ። ማንበብ የምችለው እኔ ደግሞ የልጄን ሦስት ዓመት በላሁባት። “ልጅ ያቦካው ለእራት አይበቃም” ይባላል። ልክ ነው። ታዲያ እናትየዋ ሁልጊዜ እያቦካችላት መቼ ትልመድ?

“ከእንግዲህ ተሳስታም ቢሆን ራሷ ሠርታ ትምጣ” ብላ መምህሯ አዘዘችኝ። ተሳስታ ሄደች። ከአስር ሦስት ይዛ መጣች።

“እማ፣ አንቺ ስትሠሪው ስንት ነበር የሚሰጡን?”

“ዘጠኝ።”

“አስር ያልሆነው ለምንድን ነው? ትልቅ ሰው አይደለሽ?”

አሁን እጄን ጭኔ ሥር ቀብሬ ከጎኗ እቀመጣለሁ። ከዕቃ ማጠብ ይከብዳል፣ እመኑኝ።

ባለፈው ቅዳሜ እንጦጦ ወጣን። ባሕር ዛፍ ሥር ሣሩ ላይ ተመቻችተን ዳቦ ቆረስን። ከፊታችን የቆመችውን ሰሌዳ ገና ስንቀመጥ አይቻታለሁ፤ ግን ዝም አልኩ። ቆይታ ሜላትም አየቻት።

“እማ፣ እኔ ላንብባት?”

“አንብቢያት።”

“ሣ... ሩ... ሣሩ! ላ... ይ... መ... ቀ...”

ጥበቃው ከሩቅ ፊሽካውን እየነፋ መጣ። “እመቤት፣ ማንበብ አይችሉም እንዴ?” ብሎ ጮኸብኝ።

“መቀ... መ... ጥ። መቀመጥ!” አለች ልጄ፣ ላብ ግንባሯ ላይ ችፍ ብሎ።

ሰውየው ሊጨርስላት አፉን ሲከፍት እጁን ያዝኩት። “ወንድሜ፣ በናትህ እንዳትነግራት! ሁለት ቃል ብቻ ነው የቀራት፤ ከዚያ እንነሣለን።”