የጋሽ ሰይድ ሰዓት «ወደ ኋላ ቀርቷል» ተባለ

ሰው የሚጠብቀውን ነገር የሚያይ ከሆነ መጠበቅ ያን ያህል አይከብድም። መናኸሪያ ቁጭ ብሎ መኪና የሚጠብቅ ሰው ቢያንስ ረዳቱን ያማል። ወፍጮ ቤት ወረፋ የያዘ ከፊቱ ያለውን ስልቻ ያያል። ኮምፒውተር ላይ የምትዞረውን ክብ የሚጠብቅ ሰውስ ማንን ይማ? ክቧ ትዞራለች። አልቻልኩም አትል፣ ታገሱኝ አትል፣ ወደ ቤታችሁ ሂዱ አትል፤ ዝም ብላ ትዞራለች። ያቺን ክብ የፈለሰፈው ሰው ቀድሞ ባለጉዳይ የሚያመላልስ ቢሮ ውስጥ ሳይሠራ አልቀረም።

ለማንኛውም ያቺ ክብ አንድ ቀን ሞጣ ላይ ጉድ ልትሠራኝ ነበር።

እኔ ቢቸና የምኖር የሂሳብ አስተማሪ ነኝ። ሥራ ስጀምር የተመደብኩት ግን ሞጣ ነበር፤ ያን ጊዜ ቤት ያከራዩኝ ጋሽ ሰይድ የሚባሉ የጨርቅ ነጋዴ ናቸው። ማከራየት እንበለው እንጂ ነገሩ ጉዲፈቻ ነበር። እኔ ስጾም ቤታቸው ሽሮ ይሠራልኛል፤ እሳቸው ረመዳንን ሲጾሙ ደግሞ ቀኑን ሙሉ ስበላ የዋልኩት እኔ፣ ማታ ማፍጠሪያው ላይ ከእሳቸው ቀድሜ ተምር አነሣለሁ። የመጨረሻ ልጃቸው ዘሃራ ያን ጊዜ በጣቷ የምትቆጥር ሕፃን ነበረች። መደመርን ያስተማርኳት እኔ ነኝ። ስለዚህ ሕክምና ተምራ ልትመረቅ ነው ሲባል ከክብሩ ድርሻዬን ለመውሰድ አላፈርኩም። ሳይደምር ሐኪም የሆነ ሰው አለ እንዴ?

ምረቃው ሩቅ ከተማ ነበር። ጋሽ ሰይድ ደግሞ ልባቸውን ትንሽ አሟቸው ሐኪሙ «ረጅም መንገድ እንዳይሞክሩ» ብሏቸዋል። የነገሩን ግፍ እዩት! ልጃቸው ሐኪም ስትሆን ሄደው እንዳያዩ የከለከላቸው ሐኪም ነው። ባለቤታቸው ሄዱ፤ ልጆቹ ሄዱ፤ ፎቶ የሚያነሣ ስልክም ሁሉ ተከትሎ ሄደ። ጋሽ ሰይድ ባለ ቁልፍ ስልካቸውን ይዘው ቀሩ። ደግነቱ ኮሌጁ ምረቃውን በድረ ገጹ በቀጥታ አሳያለሁ ብሏል። በዚያ ሰሞን በሞባይል ኢንተርኔት አይገኝም ነበር፤ ሱቃቸው ውስጥ ግን በሽቦ የገባ መስመርና ትልቁ ልጃቸው ለሥራ ብሎ የገዛው ላፕቶፕ አለ።

ደወሉልኝ። «መምህር፣ ና ዘሃራን አሳየኝ» አሉኝ። ሌላ ቃል አልጨመሩም።

ለምን እኔን? አንድ ጊዜ የሱቃቸው ፕሪንተር አልሠራ ብሎ ነበር። አጠፋሁት፤ መልሼ አበራሁት፤ ሠራ። ከዚያ ቀን ወዲህ ሞጣ ውስጥ ስሜ እንደ አዋጅ ተነገረ። እውቀቴ አጥፍቶ ማብራት ነው፤ የቀረው ዝና ነው።

ማልጄ ከቢቸና ተነሣሁ። ደብረ ወርቅ ላይ ሾፌሩ «አንድ ጊዜ» ብሎ ወርዶ፣ ያቺን አንድ ጊዜ ቁርስ አደረጋት። ሞጣ ስደርስ ሱቁ ተዘግቶ ሲኒማ ሆኗል። ላፕቶፑን ባንኮኒው ላይ በጥቅል ጨርቅ ከፍ አድርገው አስቀምጠውታል። አግዳሚ ወንበሩ ላይ ሁለት ጎረቤቶች አሉ፤ በርበሬና ቅመም የሚሸጡት እትዬ ጥሩዬ፣ እና የጋሽ ሰይድ የልጅነት ባልንጀራ የሆኑት መሪጌታ። ጋሽ ሰይድ ራሳቸው ነጭ ጀለቢያ ለብሰው፣ ሽቶ ተቀብተው፣ ጢማቸውን ተስተካክለው ቁጭ ብለዋል።

«ጋሽ ሰይድ፣ እሷ እኮ አታይዎትም» አልኳቸው።

«እኔ ግን አያታለሁ» አሉኝ።

ከዚያ በኋላ ይህ ሥራ ቀልድ እንዳልሆነ ገባኝ።

ብሮውዘሩን ከፍቼ የኮሌጁን ገጽ ጠራሁ። መጣ! የኮሌጁ ሕንጻ፣ አበባው፣ «እንኳን ደስ አላችሁ» የሚለው ጽሑፍ፣ ሁሉም መጣ። ከሥሩ ግን ቪዲዮው ሊታይበት የሚገባው ቦታ ጥቁር ሳጥን ነው። መካከሉ ላይ ክቧ ትዞራለች።

ጠበቅን። መሪጌታ «ይቺ ናት ልጅቱ?» ብለው ጠየቁ። አይደለችም አልኳቸው።

የታወቀውን ጥበቤን አወጣሁ፤ ብሮውዘሩን ዘግቼ ከፈትኩት። ክቧ ዞረች። የኢንተርኔቱን ሳጥን ከሶኬት ነቅዬ ሰካሁት። መብራቶቹ ብልጭ ብልጭ ብለው ተመለሱ፤ ክቧም ተመለሰች። ትልቁ ልጅ ከፍቶ የረሳቸው ገጾች እንደ ሰንበቴ ማኅበርተኛ ተደርድረው ነበር፤ መስመሩን ተሻምተው ይሆናል ብዬ አንድ በአንድ ዘጋኋቸው። ክቧ አሁን ብቻዋን ስለቀረች ነው መሰለኝ በነጻነት ትዞር ጀመር።

«እንግዲህ ካሹን ላጥፋው» አልኩ ለራሴ ያህል።

ጋሽ ሰይድ ከመቀመጫቸው ብድግ አሉ። «የምን ካሽ ነው የምታጠፋው?»

ነጋዴ ፊት እንዲህ ያለ ቃል በጥንቃቄ ነው የሚነሣ። ካሽ የሚባለው ብሮውዘር ያየውን ሁሉ የሚያከማችበት ጓዳ እንደሆነ፣ ጓዳው ሲቆሽሽ ቪዲዮ እንደሚያስቸግር፣ የእሳቸው የገንዘብ ሣጥን እንደማይነካ አስረድቼ አስቀመጥኳቸው። ጓዳውን ጠረግኩት። ምንም የለም።

በዚህ መሀል ስልኩ ጮኸ። ባለቤታቸው ከአዳራሹ ናቸው። ድምፃቸው እኛ ድረስ ይሰማል፤ «ተመራቂዎቹ ገቡ! ስም ሊጠራ ነው! ታያላችሁ?»

ጋሽ ሰይድ ጥቁሩን ሳጥን አዩት። «እያየን ነው፣ ማሻአላህ፤ በጣም ያምራል» አሉና ስልኩን ዘጉት። ከዚያ ወደ እኔ ዞር አላሉም። ቢቆጡኝ ይሻለኝ ነበር። ሰባት ጊዜ «ምን አባህ ትሠራለህ!» ቢሉኝ እንደዚያ ዝምታቸው አይከብደኝም።

ጣቴ ያገኘውን ሁሉ መጫን ጀመርኩ። አንዱ ቦታ ላይ ስጫን ቪዲዮው በራሱ ገጽ ይከፈታል ብዬ ስጠብቅ፣ ብሮውዘሩ ቀይ ምልክት አውጥቶ በእንግሊዝኛ አንድ ዓረፍተ ነገር ጻፈ። ሁሉም «ምን አለ? ምን አለ?» አሉኝ።

«ሰዓትዎ ወደ ኋላ ቀርቷል ይላል» ብዬ ተረጎምኩ።

ጋሽ ሰይድ እጅጌያቸውን ሰብስበው የእጅ ሰዓታቸውን አዩ። «የእኔ ሰዓት?» አሉ። «ይህ ሰዓት ከአዛን ዝንፍ ብሎ አያውቅም!» እትዬ ጥሩዬ በሩን ከፈት አድርገው መንገደኛ ጠየቁ፤ ከጋሽ ሰይድ ሰዓት ጋር እኩል ነው። መሪጌታ ሰዓት አያስሩም፤ ደጅ ወጥተው ጥላቸውን አይተው ተመለሱና «ልክ ነው» ብለው መሰከሩ። እኔስ? የዲግሪ ባለቤቱ፣ ስመ ጥሩው የኮምፒውተር አዋቂ እኔ፣ ለማንኛውም ብዬ የራሴን የእጅ ሰዓት ትንሽ ወደ ፊት ገፋሁት። ችግር የማያስደርገው ነገር የለም።

ጋሽ ሰይድ ግን ነገሩ ከንክኗቸዋል። ሰዓታቸው መነቀፉ ስማቸው የተነቀፈ ያህል ሆኗል። «ደግሞ በምን አፉ ነው ስለ ሰዓት የሚናገረው?» አሉ ወደ ላፕቶፑ እየጠቆሙ። «ዓመቱን እንኳ የማያውቅ! ሲመጣ ስምንት ዓመት ጨምሮ ነበር፤ እኔ ነኝ ያረምኩት።»

ጣቴ አየር ላይ ቀረ። «ምን አደረጉ?»

«አረምኩት አልኩህ። ልጄን ዓመቱ የት እንደሚነካ ጠየቅኩት፤ አሳየኝ። እሱ ለምረቃው ሲሄድ የእኛን ዓመት ሰጠሁት። ከዚያም ራሱ እንዳይለውጠው አውቶማቲክ የሚለውን አጠፋሁበት።» ይህን ሲሉ ደረታቸው ትንሽ ነፋ ብሏል።

የላፕቶፑን ጥግ አየሁ። እውነት ነው! እኛ ሁላችን ሱቁ ውስጥ በዘመናችን ተቀምጠናል፤ ላፕቶፑ ለብቻው ፈረንጅ ከሚቆጥረው ስምንት ዓመት ወደ ኋላ ቀርቶ ይኖራል።

ነገሩ እንዲህ ነው። የኮሌጁ ገጽ ማኅተም ሳይጠየቅ ይገባል፤ ቪዲዮው ግን ከሌላ ቦታ የሚላክ ስለሆነ ብሮውዘር ከመቀበሉ በፊት የላኪውን ማኅተም ያያል። ማኅተሙ ከዚህ ቀን እስከዚህ ቀን ይጸናል የሚል ጽሑፍ አለበት። በጋሽ ሰይድ ላፕቶፕ አቆጣጠር ያ ማኅተም ገና አልተቀረጸም። ያልተቀረጸ ማኅተም ይዞ የመጣን ዕቃ የትኛው ዘበኛ ያስገባል? ኧረ ማኅተሙ ይቅር፤ በዚያ ላፕቶፕ ዘንድ ዘሃራ ገና የሁለተኛ ደረጃ ተማሪ ናት። ምኗን ይመርቃት?

«ጋሽ ሰይድ፣ ዓመቱን መመለስ አለብኝ» አልኩ።

ፊታቸው ጠየም አለ። «የእነሱን ዓመት ተቀበል ነው የምትለኝ? እኔ በሒጅራ አንድ ዓመት አለኝ፣ በአገሬ አንድ ዓመት አለኝ። ሦስተኛ ምን ያደርግልኛል?»

ነገሩ ወደ ክርክር ሊገባ ሲል መሪጌታ ጉሮሯቸውን ጠረጉ። ዕድሜ ልካቸውን የበዓላትና የአጽዋማት ቀን ሲያወጡ የኖሩ ሰው ናቸውና ዘመን ሲነሣ ዝም አይሉም። እኔም «በቃ፣ ዛሬ በባሕረ ሐሳብ አለቅን» ብዬ ተስፋ ቆረጥኩ። እሳቸው ግን አጭር ተናገሩ። «ሰይድ፣ በቅሎ እንኳ የምትሄደው በለመደችው ቋንቋ ሲነዷት ነው። ልጅህ ልታመልጥህ ነው፤ ስጠው ዓመቱን።»

ጋሽ ሰይድ ላፕቶፑን ወደ እኔ ገፋ አደረጉት። «ለዛሬ ብቻ» አሉ።

አውቶማቲክ የሚለውን አበራሁት። ላፕቶፑ ስምንቱን ዓመት በአንድ ትንፋሽ ዘለለ። ገጹን እንደገና ጠራሁት። ክቧ አንዴ ዞረች፤ ሁለቴ ዞረች፤ እና፣ እናንተዬ፣ ጠፋች! መጀመሪያ ጭብጨባ መጣ። ቀጥሎ ጥቁር ካባ የለበሰ ሰልፍ፣ መድረክ፣ ማይክሮፎን የጨበጠ ሰው ታየ። እትዬ ጥሩዬ እልል ሊሉ አፋቸውን ሲከፍቱ በእጄ ለመንኳቸው፤ ሰውየው ስም እየጠራ ነው። ስም የሚጠራው በእንግሊዝኛ ፊደል ተራ ነበር። የዘሃራ «ዜድ» ከሁሉም ኋላ የምትመጣ መሆኗ አወጣን። በትምህርት ቤት ዘመኗ ስሜ ሁልጊዜ መጨረሻ ይጠራል እያለች ስታለቅስ አባብላት የነበርኩት እኔ፣ ያን ቀን ለመጨረሻዋ ፊደል ልሰግድላት ምንም አልቀረኝም።

ሊደርሳት ትንሽ ሲቀር ምስሉ ቆመ። የሰውየው አፍ እንደተከፈተ ቀረ። ጋሽ ሰይድ ክንዴን ያዙኝ። ጥራቱን ወደ መጨረሻው ዝቅተኛ አወረድኩት። ምስሉ ተንቀሳቀሰ፤ ግን ሁሉም ነገር በጉም ውስጥ እንዳለ ሆነ፣ የሰው ፊት አይለይም። «ዶክተር ዘሃራ ሰይድ!» ተባለ። ሰማያዊ ሻርፕ ያሰረች አንዲት ብዥታ መድረኩን አቋርጣ ሄደች።

ይህቺ ናት ብዬ ለማለት አልደፈርኩም። ጋሽ ሰይድ ግን ቆመዋል። እጃቸው ከክንዴ ላይ ወርዷል።

«እሷ ናት» አሉ። «አካሄዷ የእናቷ ነው።»

እንባቸው ጢማቸው ላይ ወረደ፤ ሊጠርጉትም አልሞከሩም። እትዬ ጥሩዬ አምቀው የያዙትን እልልታ ለቀቁት። መሪጌታ «ተመስገን፣ ተመስገን» እያሉ ባልንጀራቸውን ትከሻቸው ላይ ሳሟቸው። እኔ ጥቅል ጨርቅ ላይ ዘፍ አልኩ።

ብዙም ሳይቆይ ዘሃራ ራሷ ደወለች። «አባዬ፣ አየኸኝ?» ስትል ሰማን። «አየሁሽ ልጄ፤ ሰማያዊ ሻርፕ አድርገሻል» አሏት፤ ከዚያ በላይ መናገር አቃታቸውና ስልኩን ለእትዬ ጥሩዬ ሰጡ። እትዬ ጥሩዬ እንኳን ደስ አለሽ ብለው ሳይጨርሱ ጉልበታቸው ምሽት ምሽት እንደሚቆረጥማቸው ነገሯት። መሪጌታ ተቀበሉ፤ ዓይናቸው እንደሚያለቅስ አስረዱ። ልጅቱ ካባዋን ሳታወልቅ ሥራ ጀመረች። የእኔ ተራ ሲደርስ እኔስ ማን ነኝ? ወገቤን ነገርኳት።

«ጋሼ፣ ኮምፒውተር ላይ ጎንበስ ብለው ይቀመጣሉ መሰለኝ» አለችኝ። «ለጊዜው ጨርሶ ቢተዉት ጥሩ ነው።»

በሕይወቴ ሐኪም ደስ የሚል ነገር ሲያዝልኝ ያን ቀን የመጀመሪያዬ ነው። ስልኩን መልሼ፣ ድምፄን ከፍ አድርጌ ትእዛዙን ለሁሉም አነበብኩ፤ ከእንግዲህ ኮምፒውተር ፊት መቀመጥ በሐኪም ተከልክያለሁ፣ ያውም በራሳችን ሐኪም!

እትዬ ጥሩዬ በአዘኔታ ራሳቸውን ነቀነቁ። ከዚያ ከነጠላቸው ሥር ቪዲዮ አላሳይ ያለውን የልጃቸውን ላፕቶፕ አውጥተው ባንኮኒው ላይ አስቀመጡና፣ «ግድ የለም፣ ቆመው ይሥሩልኝ» አሉ።