የፈጠርኩት ወታደር

ልቦለድን እውነት ነው ብሎ የሚያምን አንባቢ ገጥሟችሁ ያውቃል? እኔ ደብረ ብርሃን ቁጭ ብዬ፣ ብርዱን ለመርሳት፣ ስለ አንድ የአፄዎቹ ዘመን ወታደር የቀልድ መጽሐፍ ጻፍኩ። ሰውየው በግ ይሰርቃል፣ ይፎክራል፣ ጦርነት ሲመጣ ይሸሻል። ከራሴ ነው የፈጠርኩት። የአንኮበር አንባቢዎቼ ግን «አያታችን ናቸው» ይላሉ። አንዱማ አፍንጫቸውን አሳስተህ ጽፈሃል ብሎ ተቆጥቶኛል። ምን ልበለው?

ባለፈው እሑድ ከቀትር በኋላ፣ ከእነዚሁ አንባቢዎች አንዱ የሆኑ ሽማግሌ ቤታቸው ጠርተው ለቤተሰቡ እንዳነብ ጠየቁኝ። «ወታደሩ ጎንበስ ብሎ በበሩ ገባ» ከሚለው ስደርስ፣ እንግዳ ሲገባ እንደሚደረገው፣ ሁሉም ብድግ ብለው ወደ በሩ «ኖር» አሉ። ሳቄን ዋጥኩ። በሩ ላይ ማንም አልነበረም።

«በእግዜር» አለ ጎርናና ድምፅ ከበሩ።

ተጠጋግተው ለአንድ ሰው ቦታ ለቀቁ። ባዶው አግዳሚ ሲጥ አለ።

«አንብብ እንጂ ልጄ» አሉ ሽማግሌው ረጋ ብለው። «አያታችን የሸሹበትን ሊሰሙ ነው የመጡት።»

እናንተ ብትሆኑ ምን ታደርጉ ነበር? ገጹን ገለጥኩ። መጽሐፉ «ሸሸ» ይላል። እኔ ግን እሳቸውን እስከ መጨረሻዋ ጥይት አዋጋኋቸው።