ገበያው በደረቱ የተኛ ዕለት

ትናንት ሌሊት በሕልሜ ከታላቅ እህቴ ከስንዱ ጋር ገበያ ወጣሁ። ስንዱ ዘጠኝ ዓመት በውትድርና ቆይታ ከተመለሰች አራት ወሯ ነው። በእውኑ ዓለም በር ጓ ብሎ ሲዘጋ መሬት ላይ ትወድቃለች፤ ሰፈሩም ይስቃል። በሕልሜ ግን አንድ ታክሲ በሩን ጓ አድርጎ ሲዘጋ ገበያው በሙሉ በደረቱ ተኛ። ሽንኩርት ሻጮቹ፣ ተሸካሚዎቹ፣ በጎቹ ሳይቀሩ። እህቴ ብቻ ቆማ ቲማቲም ትመርጣለች።

"ይቺ ደግሞ ምን ሆና ነው የቆመችው?" አለች ሻጯ ከመሬት። "ምስኪን፣ አገሩን አልለመደችውም።"

"ይሄኛው በስሏል?" አለች እህቴ።

"መጀመሪያ ተኚ እንጂ፤ ሰው ያይሻል።"

"ይየኝ።"

ከዚያ ቤታችን ነበርን። እናቴ ጭልፋ ትከሻዋ ላይ አጋድማ በር ትጠብቃለች። ሦስት ሽማግሌዎች በአጥሩ ሥር እየተሳቡ ገቡ፤ ጋቢያቸው ጭቃ በጭቃ ሆኗል። ልጃቸውን እንድታገባላቸው እህቴን ሊለምኑ ነው የመጡት።

"ልጃችን ጨዋ ነው" አሉ ታላቁ ሽማግሌ፣ ጋሽ ልሳኑ። "ሰው ፊት ቀና ብሎ አያይም።"

"በር ሲዘጋ ይወድቃል?" አለች እናቴ።

"እየተለማመደ ነው።"

"እስከ ዛሬ ምን ይሠራ ነበር?"

ሽማግሌዎቹ ተያዩ። ጋሽ ልሳኑ ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ። "ይቅርታ ያድርጉልንና፣ ሲቪል ነበር።"

እናቴ ደንግጣ ጭልፋውን ጣለችው። ወለሉን ሲመታ ጓ አለ።

ነቃሁ። ጓ ያለው የቆርቆሮ በራችን ነበር። እሑድ ጠዋት ነው። እህቴን ለልጃቸው ሊጠይቁ ቀጠሮ የያዙት ሽማግሌዎች ቀደም ብለው መጥተዋል። እህቴ፣ እናቴ የገዛችላትን አዲስ ቀሚስ ለብሳ፣ አልጋዬ ሥር በደረቷ ተኝታለች።

እናቴ መኝታችንን ከሳሎኑ የሚለየውን መጋረጃ ሳበችና ጎንበስ አለች። "ተነሺ የኔ ልጅ፣ እንዳያዩሽ። ወታደር እንደነበርሽ አልነገርኳቸውም። ክፍለ ሀገር ጸሐፊ ነበረች ነው ያልኳቸው።"

ከመጋረጃው ማዶ አጎቴ "ኧረ ተቀመጡ" ይላል።

"ጉዳያችን ሳይሰማ አንቀመጥም" አሉ ጋሽ ልሳኑ።

"እኔም እውነቱን ሳትነግሪያቸው አልነሳም" አለች እህቴ፣ ድምጿን ሳትቀንስ።

እናቴ ወደኔ ዞረች። "አንቺ እንኳን የተማርሽው፣ ምከሪያት እንጂ።"

ከአልጋዬ ወርጄ እህቴ አጠገብ በደረቴ ተኛሁ።